አምሳ ስምንት ደቂቃ

ጥር 4፣ ሰኞ

ማታ ስመለስ እስክርቢቶ የማነሳበት ጉልበት አይኖረኝም። ከመውጣቴ በፊት ልጻፈው። ዛሬ ምንም አልተፈጠረም። አሥራ ስምንት በሽተኛ አየሁ። ምሳ አልበላሁም። አለቃዬ፣ ለስላሳው፣ አልጋ ለአልጋ በምንዞርበት ራውንድ ላይ ተማሪዎች ፊት አሳፈረኝ፤ እኔም አፌን አልዘጋሁም። እግሬ አብጦ ተመለስኩ። አበቃ።

አሁን ከጠዋቱ አንድ ሰዓት ነው። ጫማዬን እንኳ አላደረግኩም።

እህቴ ፀጉሯን እያሰረች ብቅ አለች። "በጠዋቱ ምን ትሞነጫጭሪያለሽ?"

"የዛሬ ውሎዬን።"

"ሳትውዪው?"

"ያው ነው እኮ።"

"ጉድ ነሽ! እንዲህ ከሆነማ የሰርግሽንም ቀን ጽፈሽ ገላግይን።"

ጥር 5፣ ማክሰኞ

የትናንቱ ልክ ነበር ማለት ይቻላል። በሽተኞቹ ብቻ ሃያ አንድ ሆኑ።

ለስላሳው የክፍላችን ኃላፊ ነው። ስሙን ያወጣንለት ድምፁን ከፍ አድርጎ ስለማያውቅ ነው። ሰው ሲያባርርም "ደህና ሁን የኔ ወንድም" ብሎ ነው። ስምንት ወር የደከምኩበትን ጥናት በራሱ ስም አሳተመና "ጎበዝ ልጅ ነሽ" አለኝ። ለአስተዳደሩ አመለከትኩ። ማመልከቻዬ ዞሮ ዞሮ እሱ ጠረጴዛ ላይ አረፈ። ከዚያ ወዲህ ፈገግታው ጨምሯል።

ንዴቴን የት ላድርገው? ጋዜጣ ላይ። በየሳምንቱ ቅዳሜ የግድያ ታሪክ እጽፋለሁ፤ ክፍል ስምንት ደርሻለሁ። "ታዛቢው" ብዬ እፈርማለሁ፣ ወንድ መስዬ። ሐሳቡ የአዘጋጁ ነው። "ሴት ሐኪም ሰው እንዴት እንደሚገደል ትጽፋለች ቢባል፣ በሽተኞችሽ በመስኮት ይዘላሉ" አለኝ። በታሪኬ ውስጥ ድምፁ የለሰለሰ ዋና ሐኪም አለ። ገዳዩ እሱ ነው። ሌላ ማን ይሆናል?

ሰባት ቁጥር አልጋ የተኙት ሽማግሌ ሰዓት ሠሪ ናቸው። ሳንባቸውን ታመው ነው የገቡት። ዛሬ ጋዜጣዬን ይዘው ደረስኩባቸው።

"ይሄ ታዛቢው የሚሉት ሐኪም መሆን አለበት" አሉኝ፣ መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው።

"በምን አወቁ አባባ?"

"በሽተኛ አያስወራም። ስምንት ክፍል ሙሉ ሰው ይሞታል፣ አንዱም እህ እንኳ አላለም። ደግሞ ሰዓት አያውቅም። ክፍል ስድስት ላይ ገዳዩ ልክ በአምስት ሰዓት ሁለት ቦታ ነው። አንድ ሰዓት ሠሪ ቢያማክር ምን ነበረበት?"

ሄጄ አየሁት። እውነታቸውን ነው። ተናደድኩ... ሳቅኩም።

ጥር 7፣ ሐሙስ

ሰዓት ሠሪው ዛሬ ያዙኝ።

ነርሶች ስለማይበቁ አልጋዎቹን ተከፋፍለን እኛው ሙቀትና ግፊት እንለካለን፣ በየሁለት ሰዓቱ። ማን ይደርሳል? ስለዚህ የሁለት ሰዓቱን ስንለካ የአራት ሰዓቱንም አብረን እንሞላለን። ያልባሰበት ሰው ቁጥሩ ያው ነው። ሁሉም እንዲህ ያደርጋል። ማንም አያወራውም።

"ዶክተር" አሉኝ። "ገና ሁለት ሰዓት ከሃያ ነው። አራት ብለሽ ጻፍሽ።"

"ጊዜ ለመቆጠብ ነው አባባ።"

"ጊዜ አይቆጠብም ልጄ። አርባ ዓመት ሞክሬዋለሁ።"

ከትራሳቸው ሥር ትንሽ ደብተር አወጡ። የእያንዳንዱን ሰዓት ጠባይ ይጽፉባት ነበር፣ በቀን ስንት እንደሚቀድም፣ ስንት ወደ ኋላ እንደሚቀር። አሁን ሰዓት ስለሌላቸው እኛን ይጽፉናል። ሲስተር፣ የክፍሉ አለቃ ነርስ፣ "አሥር ደቂቃ ወደ ኋላ ትቀራለች" ተብላ ተመዝግባለች። እሷ እንዳትሰማ!

አንድ ነገር ደግሞ ደጋግመው ነገሩኝ። ፔኒሲሊን አንድ ጊዜ ሊገድላቸው ነበር። ካርዳቸው የመጀመሪያ ገጽ ላይ በቀይ፣ በትልቁ ጻፍኩት። ሁለት ጊዜ አሰመርኩበት።

ጥር 9፣ ቅዳሜ

ክፍል ዘጠኝ ወጣ። ዋናው ሐኪም ሰውነቱ የማይቀበለውን መድኃኒት ለበሽተኛው ይሰጥና፣ ማስጠንቀቂያ የተጻፈበትን ገጽ ከካርዱ ይቀድዳል። ጥሩ ክፍል ነው። ስጽፈው እጄ ይጣደፍ ነበር።

ለስላሳው ቢሮ ፊርማ ለማስፈረም ገባሁ። ጋዜጣው ጠረጴዛው ላይ ተዘርግቷል። ሻዩን ያስቀመጠው በታሪኬ ላይ ነው።

ክፍል አሥር እስከ ረቡዕ ስድስት ሰዓት መድረስ አለበት። ገና አልጀመርኩትም።

ጥር 13፣ ረቡዕ

ሰባት ቁጥር አልጋ ባዶ ነው።

በቅደም ተከተል ልጻፍ።

የሁለት ሰዓቱን ዘግይቼ ሦስት ሰዓት ላይ ለካኋቸው። ደህና ነበሩ። የአራቱንም ሞላሁ። ቀና ብለው አዩኝ፣ ደብተራቸውን ሳቡ። የተረኛ ክፍል ገብቼ ክፍል አሥርን ያዝኩ። በሩን ዘጋሁት... ለምን ዘጋሁት?

ሲስተር እየሮጠች መጣች። ስደርስ ፊታቸው አብጦ፣ ከንፈራቸው ጠቁሮ ነበር። ያለንን ሁሉ ሰጠናቸው። ደረታቸውን እስኪደክመኝ ተጫንኩ። ሲስተር ትከሻዬን ይዛ "በቃ የኔ ልጅ፣ በቃ" እስክትለኝ ድረስ። ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት አላየሁትም። ሐኪም የሞት ሰዓት ማየት አለበት። አላየሁም።

አልጋው አጠገብ ባዶ የፔኒሲሊን ብልቃጥ ነበር። እኔ አላዘዝኩም። ሲስተርም አልሰጠችም።

ቆይቶ ለስላሳው ከስብሰባ መጣ። እጁን ጀርባዬ ላይ አደረገ። "ደንግጠሻል። ሂጂ ፊትሽን ታጠቢ። ወረቀቱን እኔ እሞላዋለሁ።" አመሰገንኩት! አመሰግናለሁ አልኩት...

ክፍል አሥር አልተላከም።

ጥር 14፣ ሐሙስ

ካርዱን አየሁት። የመጀመሪያው ገጽ አዲስ ነው። ንጹሕ። ቀይ የለበትም። ትእዛዙ ላይ ፔኒሲሊን ተብሎ ተጽፏል፤ ያዘዘው ሐኪም በሚለው ቦታ የኔ ስም። የሞት ሰዓት፦ አራት ከሩብ።

ኮሪደር ላይ ጠበቅኩት።

"ቀዩ ገጽ የለም" አልኩት።

"ደህና አደርሽ? ተኛሽ?"

"ቀዩ ገጽ የት ሄደ?"

"ቀይ ገጽ አላየሁም።" ወደኔ ቀረብ አለ። "ግን ቅዳሜ ጋዜጣ ላይ አንድ ነገር አንብቤያለሁ። ሐኪሙ ገጹን የሚቀድድበት። ይገርማል፣ አይደል? ያንን የሚጽፈውን ሰው ባገኘው ደስ ይለኝ ነበር።" ከኪሱ የታጠፈ ወረቀት አወጣ። የክፍል አሥር ረቂቄ ነው፣ በእጄ የጻፍኩት። "መሳቢያሽን መቆለፍ ልመጂ፣ የኔ እህት።"

ወረቀቱን አጥፎ መልሶ ኪሱ ከተተና ሄደ።

መርፌውን የወጋው እሱ መሆን አለበት። መጀመሪያ በስህተት ነው የገደላቸው፣ ካርዱን ሳይገልጥ፣ እንደ ልማዱ ተጣድፎ። ቀጥሎ የሚያደርገውን ግን ከየት አገኘው? ከኔ። አስተማርኩት።

ጥር 17፣ እሑድ

ቤት ነኝ። ስልኩ ሦስት ጊዜ ጮኸ። ሳነሳው ዝም ይላል። ትንፋሽ ብቻ።

እህቴ አራተኛውን ነጥቃኝ አነሳች። "ስማ አንተ ትንፋሽ! ወይ ተናገር ወይ አፍንጫህን ተናፈጥ!" ብላ ዘጋችው። እሷ ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም። በመስኮት ተሸሽጌ ማየት ጀምሬያለሁ። ማዶ የቆመው መኪና የማን ነው? የጎረቤት ነው። ትናንትም የጎረቤት ነበር። ግን...

በየታሪኬ ሰው እንዴት እንደሚፈራ ስጽፍ ኖሬያለሁ። ልብ ደረት ይመታል፣ ላብ ያጠምቃል፣ እያልኩ። ውሸት ነው። ፍርሃት አፍ ያደርቃል። ምላስ ከላንቃ ጋር ይጣበቃል። ሌላ ምንም የለም።

ጥር 19፣ ማክሰኞ

ሞቱን የሚያጣራው የሆስፒታሉ ኮሚቴ አምስት ሰው ነው። ከእኔ በፊት የተቀመጠው ወንበሩን አሙቆታል። ጠረጴዛው ላይ ዘጠኙም የጋዜጣ ገጾች ተደርድረዋል። ለስላሳው ከመስኮቱ ሥር፣ እጁን አጣምሮ።

"ታዛቢው ማነው?" አሉ ሰብሳቢው።

"እኔ ነኝ።"

"ከመሆኑ አራት ቀን በፊት ጽፈውታል።"

"ልቦለድ ነው።"

"ሰውየው ግን ሞተዋል ዶክተር።"

ቀዩን ገጽ ነገርኳቸው። ሲስተርን ጠየቋት። ሲስተር ወለሉን አየች። ለጡረታ አንድ ዓመት ነው የቀራት። "ቀይ ነገር... ትዝ አይለኝም። ሰዓትም አላየሁም" አለች። ክፉ ሴት አይደለችም። እንደኔው አፏ ደርቆ ነው።

ከዚያ ሰብሳቢው ሰንጠረዡን ገፋ አደረጉልኝ። "በአራት ሰዓት ሙቀት ደህና፣ ግፊት ደህና፣ ትንፋሽ ደህና። የእርስዎ እጅ ነው?"

"የኔ ነው።"

"ለክተው ነው የጻፉት?"

ለስላሳው ፈገግ አለ።

"አዎ" አልኩ። "ለክቼ ነው።"

ለምን? በሐሰት መዝገብ የሞላ ሐኪም ፈቃዱን ይነጠቃል። አምስት ሰው ፊት፣ አፌ ደርቆ... አመለጠኝ።

ደረጃው ላይ ነው የገባኝ። እሱ ከሦስት ተኩል ጀምሮ ስብሰባ ላይ ነበር፣ ፈርሟል። ሰውየው በአራት ሰዓት ደህና ከነበሩ፣ መርፌው ከአራት በኋላ ነው። ከአራት በኋላ ከሆነ፣ እሱ ሊሆን አይችልም። ነፃ ያወጣው የኔ መስመር ነው። በገዛ እጄ፣ በገዛ ቀለሜ።

ጥር 20፣ ረቡዕ

ሥራ አልገባሁም። አልበላሁም። በር ሲንኳኳ አልከፍትም።

ጥር 22፣ ዓርብ

ወደ እህቴ ፀጉር ቤት ስሄድ አንዲት ልጅ ካስክ ሥር፣ የፀጉር ማድረቂያው ውስጥ ተቀምጣለች። ፀጉሯ ደረቅ ነው፣ ማሽኑም አልበራም። እየጠበቀችኝ ነበር።

"የሰባት ቁጥሩ ልጅ ነኝ" አለች። በኔ ዕድሜ ናት። ጣቶቿ ላይ የዘይት ጥቁረት አለ፤ ከአባቷ ጋር ነው የምትሠራው። "አባቴን የገደልሽው አንቺ ነሽ ይላሉ።"

"እኔ አይደለሁም።"

"አውቃለሁ። ዕቃውን ሲያስረክቡኝ ደብተሩን ሸሚዙ ኪስ ውስጥ አገኘሁት።" አወጣችው። አልሰጠችኝም። ራሷ ገልጣ ፊቴ ላይ ያዘችልኝ።

2:15 ሻይ መጣ። ቀዝቅዟል።

3:02 ትንሿ ዶክተር ለካችኝ። አራት ብላ ጻፈች። 58 ደቂቃ ትቀድማለች። ልጅ ናት፣ ትስተካከላለች።

3:22 ዋናው ሐኪም ራሳቸው መጡ። መርፌ ወጉኝ። ቀዩን ያንብቡ አልኳቸው። እሺ አባባ አሉ። አላነበቡም።

3:24 ከንፈሬ

ከዚያ በኋላ ገጹ ባዶ ነው።

እህቴ ማበጠሪያዋን እንደያዘች ደርቃ ቀረች። እኔ የመጨረሻዋን መስመር ማየት አልቻልኩም። የማየው ሁለተኛዋን ነው። ትስተካከላለች...

"አንዱ ገጽ ላይ ናችሁ" አለች ልጅቷ። "አንቺም ዋናው ሐኪምም። አንዱን ቀድጄ ሌላውን ልሰጥ አልችልም። አንቺ አራት ሰዓት ላይ ለካሁ ብለሻል አሉ። ልካድ ካልሽ፣ አባቴ አልጋ ላይ የሚያልም ሽማግሌ ይሆናል። ማን ያምነዋል?"

"መቼ ነው ለኮሚቴው የምትወስጂው?"

"ሰኞ። ካልመጣሽም እወስደዋለሁ። ግን ሳትመጪ ብትቀሪ ምን እንደሆንሽ አውቃለሁ።"

ጥር 24፣ እሑድ

ለስላሳው ራሱ ደወለ። በቀን፣ በደህና ድምፅ። "ጉዳዩን በማስጠንቀቂያ ልንዘጋው አስበናል። ወጣት ነሽ። ስህተት ነው፣ ወንጀል አይደለም። ብቻ የሰጠሽው ቃል እንዳለ ይቆይ።" ቀጠለ፤ "እህትሽ ደህና ናት? ፀጉር ቤቷ መንገዱ ዳር ነው አይደል፣ መስታወቱ ሰፊው?"

ስልኩን ዘግቼ መታጠቢያ ቤት ተቀመጥኩ። በማስጠንቀቂያ ያልፋል። ሐኪም ሆኜ እቀራለሁ። አራት ሰዓት ላይ ለካሁ ማለት ብቻ ነው። አንዴ ብያለሁ፣ ዝም ማለት ብቻ...

ለእህቴ ሁሉንም ነገርኳት። አልጮኸችም። ያ ነው ያስፈራኝ።

"ፈቃድሽን ይወስዱታል?"

"ምናልባት።"

"እስር ቤትስ?"

"አላውቅም።"

"እሱስ ዝም ብትይ?"

"ሌላ ሰው ይገድላል። በፈገግታ።"

"እንግዲህ ራስ ማጠብ ልመጂ" አለች በመጨረሻ። "ረዳት ስፈልግ ዓመቴ። ስለ መስታወቱ አታስቢ፣ ካረጀ ቆይቷል።" ከዚያ ፊቷን አዞረች።

የነገውን ቀድሜ ልጽፈው እጄ ሄዶ ነበር። "ተናገርኩ" ብዬ። እስክርቢቶውን ወረወርኩት።

ጥር 25፣ ሰኞ

ተናገርኩ። አሁን ነው የምጽፈው፣ ከሆነ በኋላ።

ልጅቷ ከጎኔ ቆመች፣ ሳታየኝ። ደብተሩን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

"ባለፈው ዋሽቻለሁ" አልኩ። "የአራት ሰዓቱን የጻፍኩት በሦስት ሰዓት ነው። አልለካሁም። ልቦለዴን ልጨርስ ቸኩዬ ነበር። በአራት ሰዓት ሰባት ቁጥር ሞተው ነበር።"

ለስላሳው ተነሣ። "ዶክተሯ ታማለች። ሕክምና ያስፈልጋታል።" ድምፁ አሁንም ለስላሳ ነው።

"ቁጭ ይበሉ" አልኩት። እኔ ነኝ ያልኩት? እኔ ነኝ። "ካልታመንኩ ሌሎቹን ሰንጠረዦች ያምጧቸው። በዚያን ቀን የሁሉንም አልጋ። ተመሳሳይ ቁጥር፣ ተመሳሳይ ቀለም፣ የሁለትና የአራት ሰዓቱ በአንድ ትንፋሽ የተጻፈ። የክፍላችን አራት ሰዓት የሚባል ነገር የለም። ዶክተር፣ እርስዎ የተደገፉት በሌለ ሰዓት ላይ ነው።"

ሰብሳቢው ደብተሩን አነበቡ። አንዴ። ደግመው። የመጨረሻዋ ቃል ላይ ሲደርሱ መነጽራቸውን አወለቁ።

ከኋላ ወንበር ተጎተተ። ሲስተር ናት። "እኔም ቀድሜ ነው የምሞላው" አለች። "ሃያ ሁለት ዓመት። ዶክተሯን ያስተማርኳት እኔ ነኝ። ቀዩንም አይቻለሁ፣ ሁለት ጊዜ ተሰምሮበታል። ባለፈው... ፈርቼ ነው።" ወደ ለስላሳው ዞረች። "ከሰባት ቁጥር መርፌ ይዘው ሲወጡ አይቼዎታለሁ ዶክተር። ገና ሦስት ተኩል አልሆነም ነበር።"

ለመጀመሪያ ጊዜ ጮኸ። "ዝም በይ!" አለ። ድምፁ ቀጭን ነው፣ የሚሰነጠቅ። ለዚህ ነው ለካ የማይጮኸው።

የሰዓት ሠሪውን ልጅ በሩ ላይ ደረስኩባት። "ይቅርታ" አልኳት።

"ይቅር አላልኩሽም" አለች። "ግን መጥተሻል።"

የካቲት 7፣ ቅዳሜ

ፈቃዴ ለአንድ ዓመት ታግዷል። የሲስተር ጡረታ ገና አልተወሰነም። የለስላሳው ጉዳይ ፖሊስ ዘንድ ነው፤ ከኃላፊነቱ ተነሥቷል፣ ግን አልታሰረም። ትናንት መንገድ ላይ ከመኪናው ሆኖ ሰላም አለኝ፣ አንገቱን ዝቅ አድርጎ። ቆሜ መኪናው እስኪታጠፍ አየሁት። ዓይኔን አልሰበርኩም። ቤት ገብቼ ግን በሩን ሁለት ጊዜ ቆለፍኩ።

ስልኩ አሁንም አንዳንዴ ይጮኻል። እህቴ ናት የምታነሳው።

አዘጋጁ ደስታውን አልቻለውም። "በስምሽ እንቀጥል! ጋዜጣው ከእጅ ላይ ይነጠቃል!"

"አልቀጥልም" አልኩት። "አንድ እርማት ብቻ አውጣልኝ።"

ዛሬ ወጣ፣ ሦስት መስመር፣ ከሥሩ የራሴ ስም። በክፍል ስድስት ገዳዩ በአምስት ሰዓት ሁለት ቦታ መገኘቱ ስህተት መሆኑን፣ ስህተቱን ያረሙኝም በሰባት ቁጥር አልጋ ተኝተው የነበሩ ሰዓት ሠሪ መሆናቸውን።

የፀጉር ቤቱ የግድግዳ ሰዓት ወደ ኋላ ይቀር ስለነበር ሐሙስ ወደ ልጅቷ ሱቅ ወስጄው ነበር። ተቀበለችኝ። ዛሬ መለሰችልኝ። እርማቱ የወጣበት ጋዜጣ የሥራ ጠረጴዛዋ ላይ ነበር፣ ምንም ሳይቀመጥበት። "በቀን ሁለት ደቂቃ ነበር የሚቀረው። አሁን ልክ ነው" አለች ብቻ።

እህቴ አንዷን ደንበኛ ካስክ ሥር አስገብታ "ሃያ ደቂቃ! ጻፊልኝ፣ እረሳዋለሁ" አለችኝ።

ቀና ብዬ አየሁ። ስምንት ሰዓት ከአሥራ አንድ።

ከዚያ ጻፍኩ።